ሥራ ለምትጠብቁ ወዳጆቼ፣ እንኳን አደረሳችሁ

እንኳን ከዘመነ ማቴዎስ ወደ ዘመነ ማርቆስ በሰላም አሸጋገራችሁ! 2018ን የሰላምና የጤና ያድርግልን።

ባሕር ዳር በመስከረም ታምራለች። ጣና የክረምቱን ውኃ ጠግቦ ሞልቷል። አደዩ ፈክቷል። ልጃገረዶች «አበባዬ ሆይ» እያሉ በየደጁ ይዞራሉ፤ ወንዶቹም የሣሉትን ሥዕል ይዘው። በዓሉ የሚከብደው ግን አንድ ዕድሜ አለ። ሥዕል ይዞ ለመዞር ትልቅ ነው፤ ለቤቱ በግ ለመግዛት ደግሞ ኪሱ ባዶ። ተመርቋል፣ ሥራ ይጠብቃል። ቡናው ላይ አክስቱ «የኔ ልጅ፣ ሥራስ እንዴት ሆነልህ?» ስትለው ሲኒው ላይ ያፈጣል።

አጫጭር ፊልሞቼ ስለዚህ ዕድሜ ናቸው። «ታሪኩ ሳይጀምር አለቀ» የምትሉኝ አላችሁ። ይገባኛል። ግን እኔን የሚይዘኝ ያ መጠበቁ ነው። መጠበቅ እንዴት እንደሚያደክም ያየው ያውቀዋል።

ክረምቱ ሳይገባ የቀረጽነውን አንድ ትዕይንት ላጫውታችሁ። ልጅቷ ሐይቁ ዳር ተቀምጣለች። የትምህርት ማስረጃዋ በክላሰር ሆኖ ጭኗ ላይ ነው፤ ስልክ ትጠብቃለች። በማለዳ ነው የቀረጽነው፤ ከሰዓት በኋላ ንፋሱ ከተነሳ ማይኩ ሌላ ድምፅ አይዝም፣ የባጃጁም ጩኸት አለ። ድንገት እንጨት የጫነ የደንገል ታንኳ ከጀርባዋ ብቅ አለ። ማንም አልጠራውም። ቀዛፊው ቀስ ብሎ አለፈ። ልጅቷ ዞር ብላ በዓይኗ ሸኘችው፤ ከዚያ ክላሰሩን ጠበቅ አድርጋ ያዘችው። ካሜራ የያዘው ጓደኛዬ «ልቁረጥ?» ብሎ በእጁ ጠየቀኝ። ተወው አልኩት።

ኤዲቲንግ ላይ «ይህ ይረዝምብናል፣ እናሳጥረው» ተባለ። አላሳጠርኩትም። በሰከንድ 24 ምስል ሲቀረጽ አንዲት ደቂቃ 1,440 ምስል ናት፤ ምንም አልተፈጠረባትም የምንላት ደቂቃ። የልጅቷ ፊት በእያንዳንዱ ይለዋወጣል።

ዘንድሮ ቤታችሁ እንዲህ ያለ ልጅ ካለ፣ እባካችሁ ስለ ሥራ ሳትጠይቁት መጀመሪያ አብራችሁት ቁጭ በሉ። ራሳችሁ ከሆናችሁ ደግሞ፣ ይህን የምጽፈው ለእናንተ ነው። አምና አንድም ደብዳቤ ባይመጣላችሁም ወንድማችሁን አስጠንታችኋል፣ እናታችሁን ሐኪም ቤት አመላልሳችኋል። እኔ አይቻለሁ።

ቤታቸውን ለቀረጻ ለለቀቁልን፣ ቡና አፍልተው ለጠበቁን እናቶች ዕድሜ ይስጥልን።

ከመስቀል በኋላ አዲሱን ፊልም እንጀምራለን። ባጃጅ መንዳት ስለጀመረ ተመራቂ ነው። ባሕር ዳር ያላችሁ፣ ትወና መሞከር የምትፈልጉ ጻፉልኝ። ልምድ አልጠይቅም። መልካም እንቁጣጣሽ!