ሽሮ ሜዳ ላይ የመጀመሪያ ዘጋቢ ፊልሜን እንዴት ሠራሁ

የአዲስ አበባውን ሽሮ ሜዳ አብዛኛው ሰው የሚያውቀው በሱቆቹ ነው። ቀሚስና ነጠላ ተሰቅሎ ያያል፣ ዋጋ ይከራከራል፣ ገዝቶ ይሄዳል። ከሱቆቹ ጀርባ ባሉት ግቢዎች ግን ሸማኔዎቹ አሉ፤ ብዙዎቹ ከጋሞ ደጋ፣ ከዶርዜና ከጨንቻ አካባቢ የመጡ ናቸው። እኔ የፈለግሁት እነሱን ነበር። ባለታሪኬ አንድ አዛውንት ሸማኔ ናቸው። ስማቸውን እዚህ አልጽፍም፤ እኔ ጋሼ ነው የምላቸው።

ቀረጻውን ሆን ብዬ ከጥምቀት በፊት ባሉት ሳምንታት አደረግሁት። «ለጥምቀት ያልሆነ ቀሚስ ይበጣጠስ» ይባል የለ? ያ አባባል ሸማኔው ቤት ሲደርስ እንቅልፍ ማጣት ነው። ትዕዛዝ ይከመራል፣ ደንበኛ በር ላይ ይቆማል። ሰው በተቆረጠ ቀን የሚያደርሰው ሥራ ሲኖረው ፊልሙም የሚሄድበት መንገድ ያገኛል። በዚያ ላይ በጋ ስለሆነ ዝናቡ ቆርቆሮውን እየደበደበ ድምፅ አያበላሽም።

ሸማኔ እግሩን ጉድጓድ ውስጥ ከትቶ፣ መሬት ላይ ተቀምጦ ነው የሚሠራው። ቆሞ የሚቀርጸው ሰው የሚያየው አናቱን ብቻ ነው። ስለዚህ እኔም መሬት ተቀመጥኩ፤ ካሜራውን በዓይናቸው ልክ አወረድኩት። መብራት አልተከልኩም፣ ከበሩ የሚገባው ብርሃን በቂ ነበር። ክፍሉ ድምፅ ሲያስተጋባ ከፊልሙ ፍሬም ውጪ ባለው ግድግዳ ላይ ጋቢ ሰቀልን። በጣም ይሠራል።

«ምን ይሰማዎታል?» ብዬ አልጠየቅኋቸውም። እንዲህ ያለ ጥያቄ እኛ ዘንድ «ተመስገን ነው» ተብሎ ይዘጋል። የምጠይቀው ስለ ዕቃ ነው። ማጉን በድሩ መሃል የሚያሳልፉባትን ዕቃ እያየሁ «ጋሼ፣ ይቺን መወርወሪያ ከየት አገኟት?» አልኳቸው። «የአባቴ ናት» አሉና ቀጠሉ። ስለ ጨንቻ ብርድ፣ አዲስ አበባ ስለገቡበት ቀን፣ ሰፈር ውስጥ ሸማኔ ተብለው ስለተናቁበት ጊዜ አወሩ። ይህን ሁሉ ሲያወሩ እጃቸው አላረፈም። «ልጄ ግን ሥራውን አይፈልገውም» ሲሉ መወርወሪያዋ እጃቸው ላይ ቀረች። ሌላ ጥያቄ አልጨመርኩም፣ ካሜራውንም አላጠፋሁም። ከፊልሙ ሁሉ አብልጬ የምወደው ቦታ እሱ ነው።

ኤዲቲንጉ ሳይዘጋ ፊልሙን እዚያው ቤታቸው፣ ከቤተሰባቸው ጋር አሳየኋቸው። ይህን ከእንግዲህ በየትኛውም ሥራዬ አልተውም። ልጆቹ ሳቁ፣ እሳቸው ዝም ብለው አዩና «አንዱን አውጣልኝ» አሉኝ። ከአንድ ነጋዴ ስለተበደሩት ብር የሚናገሩበት ክፍል ነበር። ጠንካራ ክፍል ነው፤ ግን አወጣሁት። ባለታሪኩ የቀረጻ ፈቃድ ላይ ከፈረመ በቃ የሚሉ የሙያ ጓደኞች አሉኝ። እኔ አልስማማም። ፊልሙ ታይቶ ሲያልቅ እኔ ወደ ሌላ ሥራ እሄዳለሁ፤ እሳቸው ግን በነጋታው ማግ የሚወስዱት ከዚያው ነጋዴ ነው።