ቱርቱክ፦ ከሻዮክ ወንዝ ዳር ያለችው መንደር

በሰሜን ሕንድ፣ በላዳክ ካለችው ከሌህ ከተማ ማልደን ተነሥተን፣ ከባሕር ወለል በላይ 5,359 ሜትር ከፍታ ላይ የሚገኘውን ካርዱንግ ላ የተባለ የተራራ ማለፊያ ተሻግረን፣ በዲስኪትና በሁንደር በኩል የሻዮክን ወንዝ ቁልቁል ተከተልን። መንገዱ 200 ኪሎ ሜትር ገደማ ቢሆንም ቀኑን ሙሉ ፈጀብን፤ በየኬላው ፈቃዳችን ተመረመረ። ቀኑን ሙሉ ራቁቱን የቆመ ተራራ ሲያይ የዋለ ዓይኔ፣ ቱርቱክ ስንደርስ በገብስ ማሳና በአፕሪኮት ዛፎች ላይ አረፈ።

ወደዚህች መንደር የሳበኝ ግን ልምላሜዋ ሳይሆን ታሪኳ ነው። ቱርቱክ ሕንድና ፓኪስታን በሚወዛገቡበት በካሽሚር ምድር የምትገኝ ስትሆን፣ እስከ 1971 ድረስ (ዘመኑ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው) በፓኪስታን እጅ ነበረች። ነዋሪዎቿ ባልቲዎች ናቸው፤ ሃይማኖታቸው እስልምና፣ ቋንቋቸው ደግሞ የቲቤትኛ ዘመድ ነው። ቀድሞ የያብጎ ነገሥታት ይገዟቸው ነበር፤ የቤተ መንግሥታቸው ቅሪት ዛሬም በመንደሩ ውስጥ ይታያል። በ1840 የባልቲዎች ምድር ባልቲስታን በጃሙ ገዢዎች፣ በዶግራዎች እጅ ወደቀች፤ ከ1947ቱ የሕንድና የፓኪስታን ክፍፍል በኋላ በተነሣው ጦርነትም ቱርቱክ በፓኪስታን ወገን ቀረች።

በታኅሣሥ 1971፣ ዛሬ ባንግላዴሽ በምትባለው በምሥራቅ ፓኪስታን ምክንያት የተነሣው ጦርነት እስከዚህ ሸለቆ ዘለቀ። በላዳኩ ተወላጅ መኮንን በቼዋንግ ሪንቼን የሚመራው የሕንድ ጦር ቻሉንካን፣ ቱርቱክን፣ ትያክሺንና ታንግን ያዘ። በ1972 የተፈረመው የሲምላ ስምምነት የተኩስ አቁሙን መሥመር የቁጥጥር መሥመር ብሎ ሲያጸና፣ አራቱም መንደሮች በሕንድ ወገን ቀሩ።

መንገደኞች ይህን ታሪክ ሲያወሩ መንደሪቱ በአንድ ሌሊት አገር ቀየረች ይላሉ። ያደርኩበት ቤት አባወራ የሆኑት አዛውንት የነገሩኝን ከሰማሁ በኋላ ግን ይህ አባባል የደረሰውን ነገር እጅግ የሚያሳንስ መሰለኝ። በዚያ የብርድ ወቅት ታላቅ ወንድማቸው በፓኪስታን ወገን ወዳለችው ወደ ስካርዱ ከተማ ለሥራ ሄዶ ነበር፤ ወታደሮቹ ሲደርሱ የመመለሻው መንገድ ተዘጋ። እንዲህ የተለያዩ ቤተሰቦች ብዙ ናቸው፤ ለሥራ ወይም ለትምህርት ወጥተው በዚያው የቀሩ ባሎች፣ አባቶችና ልጆች ነበሩ። መንደሪቱም ለውጭ ጎብኚዎች የተከፈተችው በ2010 ነው፤ ከጦርነቱ 39 ዓመት በኋላ ማለት ነው።

በማግስቱ አዛውንቱ ምግብ የሚያቆዩበትን የድንጋይ ጎተራ አሳዩኝ። ከዐለቱ ሥር በክፍተቶች የሚወጣው አየር በሙቀት ወራትም ቢሆን ቀዝቃዛ በመሆኑ፣ ቅቤና ሥጋ ሳይበላሽ ይቆያል። በሩን ሲከፍቱ፣ ግድግዳውን ከአባታቸውና ከወንድማቸው ጋር እንደጠገኑት በአስተርጓሚ ነገሩኝ። ከዚያ ወጥተን ወደ ወንዙ አየን። ሻዮክ በእግር ሊሄዱበት በማይችሉት አቅጣጫ፣ ወደ ባልቲስታን ይወርዳል። ወንድማቸውን ለማየት ቢፈልጉ ቪዛ ለምነው እስከ ፑንጃብ ሜዳ ወርደው፣ በድንበሩ ላይ ባለው በዋጋህ ኬላ ተሻግረው፣ እንደገና ወደ ሰሜን ተራሮች መውጣት ይኖርባቸዋል፤ ያውም ኬላው ክፍት በሆነበት ጊዜ። አዛውንቱ የጎተራውን በር መልሰው ዘጉና፣ ለመንገዴ የደረቀ አፕሪኮት በጨርቅ ቋጥረው ሰጡኝ።