በማን ዓመት?

ሐሳቡ ጥሩ ነበር፣ እሱን አልክድም። በምንሠራው የፋንታሲ ጌም ዓለም ውስጥ ጊዜ ክብደት አለው አለ ሊድ ራይተራችን፣ የታሪኩ ዋና ጸሐፊ። ከላይ ወደ ታች ይወርዳል፣ ቆላው ላይ ይጠራቀማል፣ ተራራው አናት ላይ ይሳሳል። ስለዚህ ተራራ ላይ ያሉት ነገሥታት አንድ ዓመት ሲኖሩ ከታች ሰባት ዓመት ያልፋል። ሚቲንጉ ውስጥ ሁሉም አጨበጨበ፣ እኔም አጨብጭቤያለሁ።

አንዱ ፕሮግራመር «ይሄማ የአንስታይን ግልባጭ ነው» አለ። ልክ ነው፣ በእውነተኛው ዓለም የሚፈጥነው ከፍታ ላይ ያለው ሰዓት ነው። እ.ኤ.አ. በ2010 አንዱን አቶሚክ ሰዓት ከሌላው 33 ሴንቲሜትር ያህል ብቻ ከፍ አድርገው ልዩነቱን ለክተውታል፣ የጂፒኤስ ሳተላይቶች ሰዓት ደሞ መሬት ካለው በቀን 38 ማይክሮሰከንድ ገደማ ስለሚቀድም ሁሌ ማስተካከያ ይደረግለታል። እኔ ግን በመገለበጡ ምንም ችግር የለብኝም፣ ፋንታሲ ነው፣ ይገልብጠው። የኔ ሥራ የታይምላይኑን ኤክሴል መያዝ ስለሆነ እኔን የሚያሳስበኝ ሌላ ነው፦ እውነተኛውም ጊዜ የሚያስተካክልለት ሰው ተቀጥሮለታል።

ታሪኩ ምን መሰላችሁ፣ የተራራው ነገሥታት ቆላውን በየዓመቱ ግብር እያስከፈሉ ሺህ ዓመት ገዝተው በመጨረሻ ሕዝቡ መረረውና አመፀ።

«ግብሩ በየዓመቱ ነው አይደል?» አልኩት ሊድ ራይተሩን።

«አዎ፣ በየዓመቱ።»

«በማን ዓመት?»

ዝም አለ። ቀጠልኩ። «በላይኞቹ ዓመት ከሆነ እኮ ቆለኞቹ በሰባት ዓመት አንዴ ነው የሚከፍሉት፣ እንኳን ሊያምፁ ሊመርቋቸው ነው የሚገባው። በታችኞቹ ዓመት ከሆነ ደሞ ንጉሡ በየ52 ቀኑ ግብር ሰብሳቢ መላክ አለበት። ሺህ ዓመቱስ የማን ነው? ከላይ አንድ ጄኔራል በሚቀጥለው ወር እንዘምታለን ብሎ ሲዘጋጅ ከታች እኮ ሰባት ወር ሙሉ ጦር ሲቀጠቀጥ ነው፣ እስካሁን እንዴት አላሸነፏቸውም?»

ፈገግ ብሎ አየኝና «ወንድሜ፣ ይሄ ኤክሴል አይደለም፣ ጊዜ ስሜት ነው» አለኝ።

ጊዜ ስሜት ነው። ፕሮዲውሰሯ ቦርድ ላይ ጻፈችው። እስካሁን ልብስ ሳጥብ ትዝ ይለኝና ለብቻዬ መልስ እሰጠዋለሁ፣ አንዳንዶቹ መልሶቼ በጣም ጎበዝ ናቸው ግን አርፍደዋል።

ተስፋ ሳልቆርጥ ሦስት ገጽ ጻፍኩለት። መሀሉ ላይ የምወደውን ሰውዬ አስገባሁ፣ ግብር ሰብሳቢውን። ዕድሜውን ሙሉ ሲወጣ ሲወርድ፣ ቆላ በወረደ ቁጥር ከቤተሰቡ ቀድሞ እያረጀ፣ መጨረሻ ላይ ከገዛ አባቱ በዕድሜ የሚበልጥ ሰው። ስለ ጊዜ የምትሠሩት ጌም ከሆነ ታሪኩ እሱ ነው፣ ሌላ ምን ትፈልጋላችሁ? ሊዱ ኮመንት ላይ «ቆንጆ! ለክፍል ሁለት» ብሎ ጻፈልኝ። ለክፍል ሁለት ማለት ምን እንደሆነ የሠራበት ያውቃል።

ከዛ አንዲት ቴስተር ቲኬት ከፈተች፣ ማለትም ጌሙ ላይ ያገኘችውን ችግር መዝግባ ላከች። ሙሉውን ልንገራችሁ፦ «ቆላ ዘራሁ። ተራራ ወጥቼ ተኛሁ። ስወርድ ደርሷል። ደጋገምኩት። አሁን ከንጉሡ የበለጠ ሀብታም ነኝ።» ፕራዮሪቲ፣ ክሪቲካል። በዛው ቀን አስቸኳይ ሚቲንግ ተጠራ፣ ሊዱም በጣም ኮስተር ብሎ «እኔ እኮ ከመጀመሪያው ጊዜ ሕግ ያስፈልገዋል ስል ነበር» አለ። ማንም ወደኔ አልዞረም፣ ፕሮግራመሩ ብቻ ጠረጴዛ ስር እግሬን መታ አደረገኝ።

መፍትሔውስ? ተጫዋቹ ከሌለ ሰብሉ እንዳያድግ ተደረገ። አንድ መስመር ኮድ ናት። በቃ፣ የጊዜ ክብደት፣ መውረድ፣ መጠራቀም ምናምን ሁሉ ቀረና ጊዜ ተጫዋቹ ባለበት ብቻ የሚሄድ ነገር ሆነ። ሊዱ ለሱም ሎር (የጌሙ ዓለም አፈ ታሪክ) ጻፈለት፣ «ጊዜ የሚያየውን ዓይን ይከተላል» የሚል፣ እሱም ተጨበጨበለት። ግብሩ አሁንም በየዓመቱ ነው። በማን ዓመት እንደሆነ አልተጻፈም።

ከዛ ወዲህ አስተያየት መስጠት ትቼ ቲኬት መክፈት ጀመርኩ። የመጀመሪያውን ለሰውዬዬ ከፈትኩለት። «ደረጃዎች፦ ግብር ሰብሳቢውን ቆላ ላክ፣ መልስ፣ ደጋግም። የሚጠበቀው፦ ከአባቱ በላይ ያረጃል። የሆነው፦ ሁሌ ሠላሳ ዓመቱ ነው።» ፕራዮሪቲውን ክሪቲካል አደረግኩት፣ ስክሪንሾትም አያይዣለሁ።

ምሳ ሰዓት ሳይደርስ ሊዱ ዘጋው። ምክንያት፦ «እንደታሰበው እየሠራ ነው።»