ዶርዜ፣ ከሁለቱ ሐይቆች በላይ

ከፒያሳ ወደ ሽሮ ሜዳ ወጥቼ ነጠላ በገዛሁ ቁጥር ሐሳቤ ወደ ዶርዜ ይሄዳል፤ በዚያ ሰፈር ከሚሸምኑት ብዙዎቹ ሙያውን ይዘው የመጡት ከጋሞ ደጋ ነውና። ዶርዜ ከአርባ ምንጭ ወደ ጨንቻ በሚወስደው ጠመዝማዛ ዳገት ላይ የምትገኝ ስትሆን፣ ከአፋፉ ቁልቁል ሲመለከቱ የአባያና የጫሞ ሐይቆች ተንጣለው ይታያሉ። ብርዱና ጉሙ ለእንሰትና ለቀርከሃ ስለሚስማማ፣ ሕዝቡ ቆጮውንም መጠለያውንም የሚያገኘው ከእነዚሁ ተክሎች ነው።

ከሁሉ የሚያስደንቀኝ ቤታቸው ነው። ከተሰነጠቀ ቀርከሃ ተጠልፎ የሚሠራው ይህ ቤት አዲስ ሳለ እስከ 12 ሜትር ሊረዝም ይችላል፤ ወደ ፊት የወጣው መግቢያው የዝሆንን ኩምቢ ያስታውሳል። ምስጥ ከሥሩ እየበላው በየዓመቱ ቢያጥርም ለአሥርታት ያገለግላል፤ ቦታ መቀየር ሲያስፈልግም ጎረቤት ተሰብስቦ ሙሉውን ተሸክሞ ያዛውረዋል። ይህ ዕውቀት በሥነ ሕንፃ ትምህርታችን ውስጥ የላቀ ስፍራ ይገባዋል ብዬ አምናለሁ።

በማኅበረሰቡ ዘንድ ፈትሉ የሴቶች፣ ሽመናው የወንዶች ሥራ ሲሆን፣ የጋራ ጉዳይና ጠብ በዱቡሻ ሸንጎ ይታያል። ለመስቀል በዓል ደግሞ አዲስ አበባ ያሉት ሸማኔዎች ወደ ትውልድ ቀያቸው ይጎርፋሉ።