«ይሄ ባግ አይደለም፣ ወንድ ነው»

ዲሲ አካባቢ የፍቅር ጓደኛ ፈላጊዎችን በሚያገናኝ አንድ ትንሽ አፕ ውስጥ ዳታ አናሊስት ሆኜ የተቀጠርኩ ሰሞን ነው። የመጀመሪያ ሥራዬ የአባላቱን መረጃ ማጽዳት ነበር፤ ያው የተደጋገመውን መሰረዝ፣ የተዛባውን ማቃናት። የወንዶቹን ቁመት በግራፍ ሳወጣው በሥርዓቱ ሲወርድ የነበረው መስመር 6 ጫማ (183 ሴንቲ ሜትር ገደማ) ላይ ሲደርስ ድንገት ጉብ አለ። 5 ጫማ ከ11 ኢንች ላይ ጭር ብሏል፤ 6 ላይ ግፊያ ነው።

ባግ (የኮድ ስህተት) ነው አልኩ። ኢንቹን ወደ ሴንቲ ሜትር የሚቀይረውን ኮድ ጠርጥሬ ሁለት ቀን መስመር በመስመር በረበርኩት። ምንም የለውም። አለቃዬን እንኳ ሳልጠይቅ ሐሙስ ማታ 6 ጫማ ላሉት ሁሉ «መረጃዎ ላይ ስህተት ስላገኘን ቁመትዎን እንደገና ያስገቡ» የሚል መልእክት ለቀቅኩባቸው።

ዓርብ ጠዋት የደንበኞች አገልግሎት ልጆች በዓይናቸው ሊበሉኝ ደረሱ። ስድቡ እንዳለ ሆኖ፣ አንዱ በር ተደግፎ በሜትር ሲለካ የተነሳውን ፎቶ ልኳል (ተረከዙ ከወለሉ ትንሽ ከፍ ማለቱ እንደሚታይ ልብ ያለው አይመስለኝም)። እንደገና ከሞሉት አብዛኞቹ ያንኑ 6 ነው የመለሱት። ጥቂቶቹ እንዲያውም በእልህ 6 ከ1 አድርገውታል።

እዚያ ቤት ከእኔ ሌላ የነበረው ሐበሻ ጋሼ የምለው ሰርቨር የሚጠብቅ ሰውዬ ነው። ግራፉን ዓይቶ ሳቀ። «አንተ ልጅ፣ ይሄ ባግ አይደለም፣ ወንድ ነው» አለና ኦኬኪውፒድ የተባለው የፍቅር ጓደኛ አገናኝ ድረ ገጽ በ2010 ያወጣውን ግራፍ ከፈተልኝ። እዚያም የወንዶቹ ቁመት ከአሜሪካ ወንዶች ቁመት ወደ 2 ኢንች ያህል ከፍ ብሎ ተቀምጧል፤ 6 ጫማ አጠገብ ያሉትማ የበለጠ ይንጠራራሉ። ሴቶቹም ከዚህ አያመልጡም።

እኔን ይበልጥ የገረመኝ ግን በ2007 የወጣው ጥናት ነው። ተመራማሪዎቹ ኒው ዮርክ ውስጥ በኢንተርኔት ጓደኛ የሚፈልጉ 80 ሰዎችን ጠርተው ቁመታቸውን በሜትር፣ ክብደታቸውን በሚዛን ለኩ፣ ዕድሜያቸውን ከመንጃ ፈቃድ ላይ አዩ። 81 በመቶዎቹ ከሦስቱ ቢያንስ በአንዱ ዋሽተዋል። ውሸቱ ግን አብዛኛው ሚጢጢ ነው፤ ወንዱ ቁመት ይጨምራል፣ ሴቷ ክብደት ትቀንሳለች፣ ሁለቱም በዓይን በማይያዝ ልክ። ነገ ቡና ላይ ፊት ለፊት ሊገናኙ ነዋ! ጨርሶ መዋሸት አያዋጣም፣ እውነቱን መናገር ደግሞ ከፍለጋው ዝርዝር ያስወጣል፤ ምክንያቱም ብዙ ሰው ሲፈልግ «6 ጫማና ከዚያ በላይ» ብሎ ነው የሚያጣራው። 5 ከ11 የሆነ ምስኪን በ1 ኢንች ይቀራል።

ሰኞ የይቅርታ መልእክት ተላከ፤ የጻፍኩት እኔው ነኝ። የዓምዱን ስም «ቁመት» ከሚለው ወደ «አባሉ ራሱ የሞላው ቁመት» ቀየርኩት፣ ጉብታውንም ሳልነካ ተውኩት።

ምሳ ሰዓት ላይ ጋሼ ከመሣሪያ ሳጥኑ ሜትር አውጥቶ «እስቲ አንተስ?» አለኝ። መንጃ ፈቃዴ ላይ 5 ከ9 ይላል። ሳወጣ ሴትዮዋ ጠየቀችኝ፣ ነገርኳት፣ ጻፈችው፤ ማን ለካኝ? በሩ ላይ ተደግፌ ቆምኩ። 5 ከ8።

«ጫማህን አውልቅ» አለኝ ጋሼ።