ጨለማ ፍለጋ ወደ ቪየኬስ

ሞስኪቶ ቤይ በቪየኬስ ደሴት ያለ፣ ውሃው ሌሊት ሲናወጥ ሰማያዊ የሚያበራ ወሽመጥ ነው፤ ብርሃኑም በጨለማ ነው ደምቆ የሚታየው። ስለዚህ ወደዚያ ለሚሄድ ሰው ከአየር ትንበያው በፊት መታየት ያለባት ጨረቃ ናት። ባሕረ ሐሳብ የተማረ ሠርቀ ሌሊቱን፣ ማለትም የጨረቃዋን ዕድሜ፣ ራሱ ያሰላል፤ ለሌላው ስልኩ ይበቃዋል። ጨረቃ የጠፋችባቸው ሌሊቶች ምርጦቹ እንደሆኑ ማንም ያውቃል፤ ስለዚህም ቀድመው ተሽጠው ያልቃሉ። ብዙ ሰው የሚስተው ከሙሉ ጨረቃ አራት ቀን በፊትና አራት ቀን በኋላ ያሉት ምሽቶች እኩል አለመሆናቸውን ነው። ጨረቃ ልትሞላ ስትል ፀሐይ ሲጠልቅ ቀድማ ሰማይ ላይ ተሰይማ ትጠብቃለች። ከሞላች በኋላ ግን በየቀኑ በአማካይ 50 ደቂቃ እየዘገየች ስለምትወጣ በአራተኛው ቀን ከምሽቱ 3 ሰዓት በፊት አትታይም። እኔም የካያክ (በመቅዘፊያ የምትነዳ ጠባብ ጀልባ) ጉዞ የያዝኩት ለዚሁ ምሽት ነው፤ መነሻው 1 ሰዓት ተኩል፣ ዋጋው 65 ዶላር።

ቪየኬስ ከፖርቶ ሪኮ በስተምሥራቅ ያለች ትንሽ ደሴት ናት። ግዛቱ የአሜሪካ ስለሆነ ከአዲስ አበባ የሚነሳ የአሜሪካ ቪዛ ያስፈልገዋል፤ ከዋሽንግተን የሚነሳ ግን የአገር ውስጥ በረራ ነው የሚሳፈረው። ከፖርቶ ሪኮ ዋና ከተማ ከሳን ሁዋን ጀልባው እስካለበት ሴይባ በመኪና አንድ ሰዓት ከሩብ ይፈጃል። ለታክሲው 90 ዶላር ከፈልኩ። ባሕሩን በግማሽ ሰዓት የሚያሻግረው ጀልባ ደግሞ 2 ዶላር! ርካሽ በመሆኑ ትኬቱ ቶሎ ያልቃል፤ ቅድሚያውም ለደሴቷ ነዋሪዎች ነው፣ ተገቢም ነው። መኪና ተከራይቶ ጀልባው ላይ መጫን የአከራዮቹ ውል ስለማይፈቅድ መኪና የሚፈልግ እዚያው ደሴቷ ላይ አስቀድሞ ይያዝ። ጣና ላይ ጀልባ ለመያዝ ክርክሩ ብቻውን ግማሽ ጠዋት ይበላል። እዚህ ዋጋው ተጽፏል፤ ክርክር የለም፣ ቅናሽም የለም። እውነቱን ለመናገር ክርክሩ ናፍቆኝ ነበር።

ኤስፔራንሳ ከምትባለው የደቡብ ዳርቻ መንደር ወደ ወሽመጡ የሚወስደው አፈር መንገድ ነው። ዝናብ ከጣለ ጎድጓዳው ሁሉ ኩሬ ይሆናል፤ ያሮጌው ሚኒባስ ወንበር ወገብ ይሰብራል። ባለቤት አልባ የሚመስሉ ፈረሶች መንገዱ መሐል ይቆማሉ፣ ሹፌሩም ሳይቆጣ ይጠብቃቸዋል። የመንገድ መብራት የለም። የአሜሪካ ባሕር ኃይል እስከ እ.ኤ.አ. 2003 ድረስ የደሴቷን ሰፊ ክፍል ለቦምብ ልምምድ ይዞት ስለነበር ሆቴል እንደ ልብ አልተሠራም። ጨለማው ከዚያ መከራ የተረፈ ነው።

የሚያበራው ፒሮዲኒየም ባሃሜንሴ የሚባል፣ በዓይን የማይታይ ባለ አንድ ሕዋስ ፍጥረት ነው። በአንድ ጋሎን ውሃ ውስጥ እስከ 700 ሺህ ይደርሳል ይባላል። ቀን እንደ ተክል በፀሐይ ብርሃን ምግቡን ያዘጋጃል፤ ሲመሽ ውሃው ሲናወጥ ሉሲፈሪን የተባለው ንጥረ ነገር ከኦክስጅን ጋር ይዋሃድና ለቅጽበት ብልጭ ይላል። ቀኑን የሚቆጥርበት የራሱ ሰዓት ስላለው በቀን ቢያናውጡትም እንዲህ አያበራም። እዚህ ተከማችቶ የቀረው የወሽመጡ አፍ ጠባብ በመሆኑ ማዕበል ጠርጎ ስለማይወስደው፣ ዙሪያውን የከበበው የማንግሮቭ ዛፍ ቅጠልም እየረገፈና እየበሰበሰ ስለሚመግበው ነው። ይህም ሆኖ ዋስትና የለውም። በእ.ኤ.አ. 2014 ለወራት ጨልሞ ነበር።

ለትንኝ የሚቀባ መድኃኒት ውሃውን ስለሚጎዳ ይዘው አይምጡ፤ እጅጌው ረጅም፣ ቶሎ የሚደርቅ ልብስ ይሻላል። ጂንስ የለበሰ ይቆጨዋል፤ ከመቅዘፊያው የሚወርደው ውሃ ጭን ላይ ነው የሚያርፈው። መዋኘት ክልክል ነው። ካያኩ ለሁለት ሰው ነው፤ ፊት ያለው ምቱን ይሰጣል፣ ኋላ ያለው ያንኑ እየተከተለ አቅጣጫ ይይዛል። ኋለኛው በራሱ ምት ልሂድ ካለ መቅዘፊያዎቹ ይጋጫሉ፣ ጀልባዋም እንደ ሰካራም ትዞራለች። ባልና ሚስት የሚጣሉት እዚህ ላይ ነው።

ዓይን ጨለማውን ለመልመድ 20 ደቂቃ ያህል ይፈልጋል። አንድ ስልክ ከተከፈተ የዙሪያው ሰው ሁሉ እንደገና ከዜሮ ይጀምራል። በኛ ምሽት አንዱ ሦስት ጊዜ ከፈተ፤ ፎቶው ላይ የወጣለት ጥቁር ብቻ ነበር። ማስታወቂያ ላይ ያለው ደማቅ ሰማያዊ ሥዕል ብዙውን ጊዜ ካሜራ በመቆሚያ ተተክሎ፣ መዝጊያው ለብዙ ሰከንድ ተከፍቶ የተነሳ ነው፤ ከሚወዛወዝ ካያክ ላይ አይሆንም። በዓይን የሚታየው ፈዘዝ ይላል፤ ብረት ቤት ደጃፍ ሲበየድ የሚታየውን ሰማያዊ ያስታውሳል፣ ያለ ሙቀቱና ያለ ጩኸቱ። ዓሣ ከሥር ሲሮጥ መስመር ጥሎ ያልፋል። ለሩብ ሰዓት ያህል ካፊያ ወረደ፤ ሰዉ አጉረመረመ እንጂ የምሽቱ ምርጥ ሰዓት ያ ነበር፣ እያንዳንዱ ጠብታ ወድቆ ያረፈበትን አበራ። ከባድ ዝናብ ግን ሌላ ነው፤ ጭቃ ያወርዳል፣ ብርሃኑም ለቀናት ይደበዝዛል።

3 ሰዓት አለፍ ሲል የምሥራቁ ኮረብታ ጫፍ ነጣ። ጨረቃዋ ሙሉ በሙሉ ብቅ ስትል እጄን ውሃ ውስጥ አስገብቼ አናወጥኩት። ጣቶቼ ታዩኝ፤ ሰማያዊው ግን በግድ ነበር የሚለየው። መሪያችን ወደ ዳር እንድንዞር በፉጨት ጠራን።