ጠላት በሠራው ደረጃ ላይ የተቀመጠው አንበሳ

ዘመድ ከውጭ በመጣ ቁጥር «ከተማውን አንቺ አሳዪያቸው» እባላለሁ። ደስ ይለኛል። መርካቶ ለግዢ፣ እንጦጦ ለአየር፣ አንድነት ፓርክ ለፎቶ። ስድስት ኪሎ ሳልወስዳቸው ግን አልሸኛቸውም። እዚያ የማሳያቸው አንድ ሕንፃ ነው፤ ገነተ ልዑል ቤተ መንግሥት። በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ዋናው ግቢ ውስጥ፣ የኢትዮጵያ ጥናትና ምርምር ተቋም ሙዚየም ያለበት ቤት።

ስለ ታሪካዊ ሕንፃ ሲወራ ሰው ሁሉ ላሊበላንና ፋሲል ግንብን ነው የሚጠራው። ልክ ነው፣ ማን ይከራከራል። ገነተ ልዑል ጎን ለጎን ቢቆም ያንሳል። ጎንደርን አይቶ የመጣ ሰው «ይሄ ነው እንዴ?» ቢል አልቀየመውም። ሰፋ ያለ ቪላ ነው በሉት። እኔ የምወደው የአንድ ሙሉ ዘመን ጣጣችን በላዩ ላይ ሳይታጠብ ስለቀረ ነው። ኩራቱም፣ ውርደቱም፣ እርስ በርስ የተገዳደልነውም አለበት። ሕንፃ ማንነታችንን ያሳያል ከተባለ እንዲህ ሲያሳይ ነው የማምነው።

ከደጅ እንጀምር። ከሕንፃው ፊት ለፊት ወደ የትም የማይወስድ ጠመዝማዛ የኮንክሪት ደረጃ አለ። ልጆች መጀመሪያ የሚሮጡት ወደሱ ነው። ትወጣላችሁ፣ ትዞራላችሁ፣ ያልቃል። ጣሊያኖች የሠሩት ነው። ሙሶሊኒ ሥልጣን ከያዘበት ከ1915 ዓ.ም. ጀምሮ ለእያንዳንዱ የፋሺስት ዓመት አንድ እርከን። ዓመት በጨመረ ቁጥር ሽቅብ ልንወጣ ነው ማለታቸው ነው። ቤተ መንግሥቱን የነጠቁት የገዢያቸው መኖሪያ ሊያደርጉት ነበር፤ አደረጉትም። ግራዚያኒ ተቀመጠበት፣ ከሱ በኋላ የአኦስታው መስፍን። ንጉሡ፣ ዐፄ ኃይለ ሥላሴ፣ በ1920ዎቹ አጋማሽ ያሠሩት ቤት ገና ሳያረጅ ነበር በጠላት እጅ የገባው።

አሁን ደረጃው ጫፍ ላይ የሚታየው አንበሳ ነው። የይሁዳ አንበሳ። ከነፃነት በኋላ ነው የተቀመጠው። ሰው ሁሉ ፎቶ ይነሣበታል፣ አብዛኛው ግን ታሪኩን ሳይሰማ ይሄዳል። እኔ ከዚህ የበለጠ የተዋጣለት ስድብ በከተማው ውስጥ አላውቅም። እናንተ ሠራችሁት፣ እኛ ተቀመጥንበት። ያውም በዚያው ዘመን ከለገሃር የወሰዱት የይሁዳ አንበሳ ሐውልት ሮም ላይ ምርኮኛ ሆኖ ቆሞ ነበር። ዘርአይ ደረስ በ1930 ዓ.ም. ጎራዴ የመዘዘው እሱን አይቶ ነው። አንዱን አንበሳ ሮም አቆሙት፤ ሌላው መጥቶ ደረጃቸው አናት ላይ ጉብ አለ።

ደረጃውን ማፍረስ ቀላሉ ነገር ነበር። በመዶሻ የሁለት ቀን ሥራ ነው። ማንም አይቃወምም ነበር፤ እንዲያውም ሕዝብ ያጨበጭብ ነበር። ለምን እንዳላፈረሱት የጻፉትን አላየሁም፤ የሚታየው የሠሩት ሥራ ነው፤ እሱም ይበቃኛል።

የዚያው ሕንፃ ደጅ የየካቲት 12ም ቦታ ነው። 1929 ዓ.ም.፣ ዕለቱ ዓርብ። ጣሊያኖች የልዑላቸውን መወለድ ምክንያት አድርገው ለድሆች ምጽዋት እንሰጣለን ብለው ሕዝቡን ሰበሰቡ። ድሃው፣ ዓይነ ስውሩ፣ አሮጊቱ፣ ግቢው ሞላ። አብርሃ ደቦጭና ሞገስ አስገዶም ቦምብ ወረወሩ። ሁለቱም የኤርትራ ልጆች ናቸው፤ ዛሬ ማንነት ሲባል በወንዝ በተራራ ለምንከፋፈለው ይህን ሁሌ አነሣለሁ። ግራዚያኒ ቆሰለ እንጂ አልሞተም። ምጽዋት ሊቀበል የመጣው ድሃ በሩ ተዘግቶበት እዚያው ግቢ ውስጥ በመትረየስ አለቀ። ከዚያ ሦስት ቀን ከተማው ተቃጠለ። የኢትዮጵያ መንግሥት የመዘገበው የሟች ቁጥር 30 ሺህ ነው፤ ጣሊያኖች በጣም ያሳንሱታል፣ ተመራማሪዎችም በመሃል ያለ ቁጥር ያወጣሉ። ግንቦት ላይ ደግሞ ደብረ ሊባኖስ ደረሱ፣ መነኮሳቱን ፈጁ።

ሐውልቱ ከግቢው ውጪ፣ አደባባዩ መሃል ላይ ነው፤ ሁሉም ያውቀዋል፣ ታክሲ ይዞረዋል። ነገሩ የተፈጸመው ግን ግቢው ውስጥ ነው። ተማሪ ሳለሁ ለፈተና የምናጠናው፣ ጓደኛ የምንጠብቀው፣ የምንሳሳቀው እዚያ ነበር። ማንም «እዚህ ጋ እኮ ነው» ያለኝ አልነበረም። በ1990ዎቹ መጀመሪያ ግቢ የገባን ልጆች ይህን ያወቅነው ከመጽሐፍ ነው፤ መጽሐፉን ያነበብነው ደግሞ እዚያው ሕንፃ ውስጥ፣ ተቋሙ ቤተ መጻሕፍት ቁጭ ብለን።

ወደ ቤተሰቤ ጣጣ ልምጣ።

የእናቴ ታላቅ ወንድም፣ ነፍሱን ይማርና፣ የክብር ዘበኛ ወታደር ነበር። ጋሼ ነበር የምንለው። በታኅሣሥ 1953 ዓ.ም. የክብር ዘበኛ አዛዡ ብርጋዴር ጄኔራል መንግሥቱ ንዋይና ወንድማቸው ግርማሜ ንዋይ ንጉሡ ብራዚል ሳሉ መፈንቅለ መንግሥት አደረጉ። ባለሥልጣናቱን እቴጌ ታመዋል ብለው ጠርተው ያዟቸው። ነገሩ ሲከሽፍ እዚሁ ገነተ ልዑል፣ አረንጓዴው ሳሎን በሚባለው ክፍል፣ በተያዙት ላይ ተኮሱባቸው። 15 ያህል ሰው ሞተ። ከሟቾቹ መሃል የዐፄ ዮሐንስ የልጅ ልጅ ራስ ሥዩም መንገሻ አሉ። ራስ አበበ አረጋይም አሉ።

እዚህ ላይ እኔ ሁሌ ቆም እላለሁ። ራስ አበበ አረጋይ አምስቱን ዓመት ሸዋ ላይ ሲዋጉ የኖሩ አርበኛ ናቸው። የጣሊያን ገዢ በዚያ ቤተ መንግሥት ተቀምጦ እሳቸውን ለመያዝ ስንት ጦር ላከ። አልተያዙም። የሞቱት ያንኑ ቤት ለማስለቀቅ ከተዋጉ 20 ዓመት ገደማ በኋላ፣ በገዛ ወገናቸው ጥይት፣ በዚያው ቤት ውስጥ ነው።

አክስቴ፣ የአባቴ እህት፣ የአርበኛ ልጅ ናት። ራስ አበበ ሲነሡ ዓይኗ እንባ ያቀራል። ጋሼ ደግሞ ለግርማሜ ክፉ ቃል አይወድም ነበር። «ለድሃ ያሰበ ሰው ነው» ይል ነበር። ሁለቱ በበዓል ቀን አንድ ቤት ሲገናኙ እናቴ ወሬው ታኅሣሥ ጋ እንዳይደርስ ቡናውን ቶሎ ቶሎ ታስቀዳ ነበር። አንዳንዴ ሳይሳካላት ይቀራል። አክስቴ «አስረው ሰው የሚገድል ምን ዓይነት ለድሃ አሳቢ ነው!» ትላለች። ጋሼ ጋቢውን ያስተካክላል፣ «አንቺ ስለ ደሞዛችን ታውቂያለሽ?» ይላል። እሱ ያን ቀን ሳሎኑ አጠገብ አልነበረም፤ ሌላ ቦታ ነበር የተመደበው። ሆኖም ከዚያ በኋላ እስከ ዕለተ ሞቱ ወደዚያ ግቢ አልገባም። እኔ ስመረቅ እንኳን ውጪ ቆሞ ነው የጠበቀኝ።

እኔ ለማን ልፍረድ? ለአክስቴ አብልጬ አዝናለሁ፣ ያለ ፍርድ የተገደለ ሰው ጉዳይ ክርክር የለውም። ጋሼ የሚለው ግን ዝም ብሎ የሚታለፍ አልነበረም። ከዓመታት በኋላ አገሪቱ የፈነዳችው እሱ በሚለው ጉዳይ ነው።

ንጉሡ ከዚያ በኋላ እዚያ ቤት መኖር አልፈለጉም። ወደ ኢዮቤልዩ ቤተ መንግሥት ሄዱ፤ ገነተ ልዑልን ለዩኒቨርሲቲ ሰጡ። ታኅሣሥ 1954 ዓ.ም. የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ ተመረቀ። ደም የፈሰሰበትን ቤት ለትምህርት መስጠት ጥሩ ሐሳብ ነበር። ግን ቤቱ አልተላቀቃቸውም። አራት ዓመት ሳይሞላ ተማሪዎቹ «መሬት ላራሹ» ብለው አደባባይ ወጡ። በታኅሣሥ 1962 ዓ.ም. የተማሪዎቹ ማኅበር ፕሬዚዳንት ጥላሁን ግዛው ተገደለ። እሱ ራሱ የንጉሡ ልጅ የልዑል መኮንን ባለቤት የልዕልት ሣራ ወንድም ነው፤ ማለት የቤተ መንግሥት አማች። በማግሥቱ ተማሪው አስከሬኑን ይዞ ግቢው ውስጥ ሲሰበሰብ ክብር ዘበኛ ገብቶ ተኮሰ። ሦስቱም ታኅሣሥ ላይ መሆኑን አስተውሉ። ይህን ወር ስድስት ኪሎ ላይ አልወደውም።

አሁን ውስጥ እንግባ። ደረጃውን ስትወጡ የንጉሡ መኝታ ቤትና መታጠቢያ ቤት አለ። የሰውየው አልጋ ይታያል፣ ሰማያዊው መታጠቢያ ቤት ይታያል። መስታወቱን ልብ በሉ፤ የ1953ቱ ጥይት ምልክት አለበት። አልቀየሩትም፣ ጎሽ። አንድ ጊዜ አንድ እንግዳዬ «አዲስ መስታወት ማስገባት አቅቷቸው ነው?» ብሎኝ በጣም ስቄአለሁ።

ሙዚየሙ ራሱ ሌላው የምወደው ነገር ነው። ብዙ ሙዚየም የኢትዮጵያን ሕዝብ በየመደርደሪያው ይከፋፍለዋል፤ ይሄ የእገሌ ብሔረሰብ፣ ያ የእገሌ። እዚህ ግን አንደኛው ፎቅ የተደረደረው እንደ ሰው ዕድሜ ነው። ልደት፣ ልጅነት፣ ጋብቻ፣ ሥራ፣ እርጅና፣ ሞት። የሐመሩም፣ የአማራውም፣ የሶማሌውም፣ የኦሮሞውም ዕቃ በዚሁ መንገድ ላይ ይገናኛል። የሕፃን ማዘያው ከማዘያው ጎን፣ የመቃብር ምልክቱ ከመቃብር ምልክቱ ጎን። ማንም ስለ አንድነት ንግግር አያደርግላችሁም። ከላይ ደግሞ የቤተ ክርስቲያን ሥዕሎችና መስቀሎች አሉ፤ ለነሱ በቂ ሰዓት ይዛችሁ ሂዱ፣ እኔ ሁሌ ይቸኩልብኛል።

ይህን ሁሉ የምጽፈው ከአንድ ጓደኛዬ ጋር ስለተጨቃጨቅን ነው። መሐንዲስ ነው። ፒያሳ በ2016 ዓ.ም. ሲፈርስ እኔ ሳዝን እሱ «ጭቃ ቤት ቅርስ ነው እንዴ? ሽንት ቤት የሌለው ቤት ውስጥ አንቺ ኑሪበት» አለኝ። እውነቱን ነው፣ መኖሪያውስ መኖሪያ አልነበረም። ፒያሳ ዶሮ ማነቂያ ሰፈር ክረምት ላይ የገባ ያውቀዋል። የተነሡት ሰዎች የተሻለ ቤት ካገኙ እሰየው። ግን እሱ በዚያው አላቆመም። «ያንቺን የጣሊያን ደረጃም እኔ ብሆን አፈርሰው ነበር፤ የፋሺስት ኮንክሪት ምን ያደርግልናል» አለ።

እዚህ ጋ ነው ያልተስማማነው። ደረጃው ቢፈርስ አንበሳው ምን ላይ ይቀመጣል? ሣር ላይ የተቀመጠ አንበሳ በየከተማው አለን። ይሄኛውን የተለየ የሚያደርገው ከሥሩ ያለው ነገር ነው። የከፋውን ክፍል እየፋቅን መልካሙን ብቻ ብናስቀር የሚቀረን ለቱሪስት የሚሸጥ ፖስትካርድ ነው። ጣሊያን ፒያሳ ላይ ስሙን ትቶ ሄደ፤ አርመኑ፣ ግሪኩ፣ ሕንዱ ቤት ሠርቶ ሄደ፤ የኛ ሰው በነሱ ሰገነት ሥር ሱቅ ከፈተ። አዲስ አበባ እንዲህ ተደባልቃ ነው አዲስ አበባ የሆነችው። እቴጌ ጣይቱ ሆቴል ጥር 2007 ዓ.ም. ሲቃጠል ከተማው እንደ ዘመድ ሞት ነበር የደነገጠው፤ አብዛኛው ደንጋጭ አንድ ቀን እንኳን አድሮበት አያውቅም።

ሁሉም አሮጌ ቤት ይቁም አልልም። የሚፈርስ ይፈርሳል። ከመፍረሱ በፊት ግን ይለካ፣ ፎቶ ይነሣ፣ ማን እንደሠራው፣ ማን እንደኖረበት፣ ምን እንደተደረገበት ይጻፍ። ለዚህ የሚጠፋው ጊዜ ከማፍረሻው ማሽን ኪራይ አይበልጥም።

እኔ በበኩሌ ከጎረቤትና ከዘመድ የድሮ ፎቶ መሰብሰብ ጀምሬአለሁ። የሠርግ፣ የክርስትና፣ የፋሲካ ፎቶ፤ ከሰዎቹ ኋላ ቤቱ የሚታይበት። ሰው ኮስተር ብሎ ቆሞ ከኋላው የእንጨት ሰገነት፣ የቆርቆሮ ጌጥ፣ የበር ቁጥር ይታያል። ከፒያሳ፣ ከዶሮ ማነቂያ፣ ከሠራተኛ ሰፈር እንዲህ ያለ ፎቶ ያላችሁ ቅጂውን ላኩልኝ። ዋናው እናንተው ጋ ይቅር። ጀርባው ላይ ዓመቱና የቤቱ ቁጥር ከተጻፈ ጀርባውንም አንሡልኝ።